የጆሮ መስሚያው ቡፌ ውስጥ እንዳይቀር፦ ከቤት ፍተሻ እስከ ስድስተኛው ሳምንት

ደጋግሜ የማየው ነገር አለ። ልጆች ብር አዋጥተው ለአባታቸው ወይም ለእናታቸው የመስሚያ መሣሪያ ይገዛሉ። አንድ ሳምንት ይደረጋል። ከዚያ ከነሣጥኑ ቡፌ ውስጥ ይገባና በዚያው ይቀራል። "እንቢ አሉ" ይባላል። እንቢ ያሉት ግን ብዙ ጊዜ በቂ ምክንያት ኖሯቸው ነው።

እኛም ቤት ሆኗል። አባባ ዕድሜያቸውን ሙሉ ወፍጮ ቤት ሲሠሩ ኖረው አሁን ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ከእኛ ጋር ናቸው። የመጀመሪያውን መሣሪያ ያለ ምርመራ ከሱቅ ገዛንላቸው፣ በአሥር ቀኑ ተቀመጠ። ሁለተኛውን ይኸው ሦስት ዓመት ሆናቸው፣ ጠዋት ከመነጽራቸው በፊት እሱን ነው የሚፈልጉት። በሁለቱ መካከል የተለወጠው መሣሪያው ብቻ አይደለም፣ የሄድንበት ቅደም ተከተል ነው። እሱን ልንገራችሁ። ደረጃ አትዝለሉ።

## ቀጠሮ የማይጠበቅባቸው ምልክቶች

ይህ መመሪያ ቀስ በቀስ ለደከመ ጆሮ ነው። ከሚከተሉት አንዱ ካለ ግን ማንበቡን ተዉትና ዛሬውኑ ሐኪም ቤት ሂዱ።

- መስማት በድንገት ከጠፋ፣ ማለትም በሰዓታት ወይም በሦስት ቀን ውስጥ፣ በተለይ በአንድ ጆሮ ብቻ። "ብርድ መትቶኝ ነው፣ ይለቀኛል" ብላችሁ አትጠብቁ። ሕክምናው የሚጠቅመው በቶሎ ሲጀመር ነው፣ ሁለት ሳምንት ካለፈ ተስፋው በጣም ይቀንሳል።
- ከጆሮ መግል ወይም ደም የሚወጣ ከሆነ።
- ከመስማት ችግሩ ጋር ኃይለኛ ማዞር ካለ፣ ወይም ፊት ወደ አንድ ጎን ከተጣመመ።
- እንደ ጄንታማይሲን፣ ስትሬፕቶማይሲን ወይም አሚካሲን ያለ መርፌ እየተወሰደ ጆሮ መጮህ ከጀመረ። እነዚህ መድኃኒቶች የውስጥ ጆሮን ሊጎዱ ይችላሉ። በራሳችሁ አታቋርጡ፣ ግን በዚያው ቀን ለሐኪሙ ንገሩ።

## ደረጃ 1፦ የሚሰሙትንና የማይሰሙትን ለዩ

በዕድሜ ወይም በጩኸት የተጎዳ ጆሮ አስቀድሞ የሚያጣው ቀጫጭን ድምፆችን ነው። በአማርኛ ስ፣ ሽ፣ ፍ፣ ጽ፣ ጭ እዚህ ውስጥ ይወድቃሉ። ወፍራሞቹ ድምፆች ይቀራሉ። ስለዚህ ሰውየው ድምፃችሁን ይሰማል፣ ቃሉን ግን አይለይም። አባባን "ጨው አንሶታል?" ስላቸው "የቱ ሰው?" ይሉኝ ነበር። ከጨውም ከሰውም ጆሯቸው የሚያገኘው መጨረሻውን ብቻ ነበር።

"ሲፈልጉ ይሰማሉ፣ ሳይፈልጉ አይሰሙም" የሚባለውም ከዚህ የመጣ ነው። እባካችሁ ይህን አባባል ከቤታችሁ አውጡት። ወፍራም ድምፅ ያለው ሰው፣ ጸጥ ባለ ክፍል፣ ፊት ለፊት ሲያናግራቸው ይገባቸዋል። የልጅ ልጃቸው ቴሌቪዥን እየጮኸ ከኩሽና ስትጣራ አይገባቸውም። ሁለቱም እውነት ነው። እልህም ንቀትም የለበትም።

አሁን ፈትሹ፦

1. ቴሌቪዥኑን አጥፉ፣ በርና መስኮት ዝጉ።
2. ከጀርባቸው፣ እጃችሁ ሲዘረጋ የሚደርስበትን ያህል ርቃችሁ ቁሙ። ከንፈራችሁን ማየት የለባቸውም።
3. የማይፈተነውን ጆሯቸውን ራሳቸው በጣት ጫን ብለው እያሹ እንዲደፍኑት አድርጉ።
4. ትንፋሻችሁን አውጥታችሁ ጨርሱና በሹክሹክታ ሦስት ነገር በሉ፣ ለምሳሌ "አራት፣ ሱ፣ ስድስት"። እንዲደግሙላችሁ ጠይቁ።
5. ከሳቱ ሌላ ሦስት በሉ። ከስድስቱ ሦስቱን ካላገኙ ምርመራ ያስፈልጋቸዋል።
6. በሌላው ጆሮ ድገሙት።

ከዚያ ደብተር አውጡና አብራችኋቸው ተቀምጣችሁ በጣም የተቸገሩባቸውን አምስት ቦታዎች ጻፉ። የእኛ እንዲህ ነበር፦ ስልክ፣ የእድር ስብሰባ፣ የልጅ ልጅ፣ ስብከት፣ ታክሲ ውስጥ ረዳቱ ሒሳብ ሲጠይቅ። ደብተሩን አትጣሉት፣ መጨረሻ ላይ እንመለስበታለን።

የተለመደ ስህተት፦ ፍተሻውን ዘመድ በተሰበሰበበት ማድረግ። ሰው ፊት የተፈተነ ሽማግሌ ይደብቃል። ሁለታችሁ ብቻ ሁኑ።

## ደረጃ 2፦ ኩክ ካለ መጀመሪያ እሱን

ጆሮ በኩክ ተደፍኖ ብቻ የማይሰማ ሰው አለ። ይህን ሳያጣሩ ምርመራ መሄድ ቀኑን ማቃጠል ነው፣ ኩክ ባለበት የሚወሰደው ውጤት ትክክል አይሆንምና።

በክብሪት እንጨት፣ በቁልፍ፣ በፀጉር ማስያዣ አትቆፍሩ። ጫፉ ጥጥ ያለው ማጽጃም ቢሆን ኩኩን ወደ ውስጥ ይገፋዋል እንጂ አያወጣውም። ጋዝ፣ የቅጠል ጭማቂ፣ የሞቀ ቅቤ አታፍስሱ።

መግል፣ ሕመም፣ የተቀደደ የጆሮ ታምቡር ወይም የጆሮ ቀዶ ሕክምና ታሪክ ከሌለ ብቻ ይህን አድርጉ፦ ንጹሕ የወይራ ዘይት ወይም የሕፃናት ዘይት፣ በእጃችሁ ውስጥ ይዛችሁ ብርዱን ካስለቀቃችሁት በኋላ፣ ሁለት ሦስት ጠብታ። በጎን አስተኟቸው፣ አምስት ደቂቃ ይቆዩ። ጠዋትና ማታ፣ ከሦስት እስከ አምስት ቀን። ከዚያ ጤና ጣቢያ ወስዳችሁ አስፈትሹ፣ ካስፈለገ እዚያው ይታጠባል።

መስማቱ ከባሰ፦ አትደንግጡ። ኩክ ዘይት ሲጠጣ ያብጣል፣ ቀዳዳውን ይበልጥ ይዘጋል። ሕመም ወይም ማዞር ከመጣ ግን ዘይቱን አቁሙና ሐኪም አሳዩ።

## ደረጃ 3፦ አንገት በላይ ሐኪምና የመስማት ምርመራ

ከጤና ጣቢያ ሪፈር አጽፉ። በጤና መድን የምትገለገሉ ከሆነ ያለ ሪፈር ወረቀት አትነሡ። ጥቁር አንበሳና ቅዱስ ጳውሎስ የአንገት በላይ ሕክምና አላቸው፣ የግል ክሊኒኮችም አሉ። ዳር ላይ የምንኖር ሰዎች ትልቁ ችግራችን መንገዱ ነው፣ ስለዚህ በአንድ ጉዞ የሚያልቀውን አስቡበት፦ የሚወስዷቸውን መድኃኒቶች ሁሉ ከነማሸጊያቸው በአንድ ፌስታል፣ ደብተሩን፣ ሪፈሩን፣ መታወቂያውን ያዙ። ቁርስ በልተው ይውጡ፣ የደከመ ሰው ምርመራው ላይ ያንቀላፋል።

ከምርመራው በፊት ባለው ቀን ከወፍጮ፣ ከብረት ሥራ ቤትና ከሞንታርቦ አጠገብ እንዳይውሉ። ጩኸት ለጊዜው ጆሮን ያፈዛል።

ምርመራው አያምም። ድምፅ በማያስገባ ትንሽ ክፍል ውስጥ ማዳመጫ ያደርጋሉ፣ ድምፅ በሰሙ ቁጥር ቁልፍ ይጫናሉ ወይም እጅ ያነሣሉ። ብዙውን ጊዜ ከ250 እስከ 8000 ኸርዝ ያሉ ድምፆች ይፈተናሉ። እዚህ ላይ ነው ብዙ ሽማግሌ የሚሳሳተው፦ እርግጠኛ እስኪሆን ይጠብቃል። ውጤቱ ካለው በታች ይወጣል፣ መሣሪያውም ከሚገባው በላይ ይጮኻል። ከመግባታቸው በፊት እንዲህ በሏቸው፦ "የመጣ ከመሰለዎት ይጫኑ፣ ቢሳሳቱም ችግር የለም።" ለእኔ አባባ ሁለተኛ ጊዜ ሲፈተኑ ይቺ አንዲት አረፍተ ነገር ትልቅ ለውጥ አምጥታለች።

የውጤቱን ወረቀት፣ ኦዲዮግራም የሚሉትን፣ ኮፒ ሳትይዙ አትውጡ። ቀይ ክብ የቀኝ ጆሮ ነው፣ ሰማያዊ ኤክስ የግራ። መስመሩ ወደ ታች በወረደ ቁጥር መስማቱ እየቀነሰ ነው። በዓለም ጤና ድርጅት አከፋፈል ከ20 ዴሲቤል በታች ጤነኛ ነው። ከ20 እስከ 35 ቀላል፣ ከ35 እስከ 50 መካከለኛ፣ ከ50 እስከ 65 ከመካከለኛ የከበደ፣ ከ65 እስከ 80 ከባድ ነው። ከዚያ በላይ ያለው እጅግ ከባድ ነው።

ሐኪሙን ሦስት ነገር ጠይቁ፦

- ችግሩ የውስጥ ጆሮ ነው ወይስ የመካከለኛው? የመካከለኛው ከሆነ በመድኃኒት ወይም በቀዶ ሕክምና ሊድን ይችላል፣ መሣሪያ ለመግዛት አትቸኩሉ።
- ሁለቱ ጆሮዎች እኩል ናቸው? አንዱ በጣም የሚያንስ ከሆነ ምክንያቱ መታወቅ አለበት።
- መሣሪያ ይጠቅማቸዋል? ለየትኛው ጆሮ?

## ደረጃ 4፦ ስትገዙ

ድምፅ ማጉያ ብቻ የሆነ ነገር አትግዙ። እኛ መጀመሪያ ያደረግነው ይህንኑ ነው። ሁሉንም ድምፅ እኩል ያጎላል፣ ሳህን ሲጋጭ ከሰው ንግግር በላይ ጆሮ ይሰነጥቃል። አባባ ያወለቁት ትክክል ነበሩ። የሚገዛው በኦዲዮግራሙ መሠረት የሚስተካከል፣ ባለሙያው በኮምፒዩተር የሚሞላው መሣሪያ ነው። የሌላ ሰው መሣሪያም፣ ከውጭ ዘመድ የላከው ቢሆን፣ እንደገና ሳይስተካከል አይደረግ።

ለሽማግሌ እጅ ከጆሮ ጀርባ የሚንጠለጠለው ይሻላል፣ ለመያዝ ያመቻል። ከመክፈላችሁ በፊት እዚያው ባትሪውን ራሳቸው እንዲያወጡና እንዲያስገቡ አድርጉ። ጣታቸው ካልቻለ ሌላ አሳዩን በሉ።

ቻርጅ የሚደረግ ይሻላል ወይስ ባለ ባትሪ? እኔ መብራት በሚጠፋበት ሰፈር ለሚኖር ሰው ባለ ባትሪውን እመርጣለሁ። ባትሪው የራሱ ቁጥርና ቀለም አለው፦ 10 ቢጫ፣ 312 ቡናማ፣ 13 ብርቱካናማ፣ 675 ሰማያዊ። የእናንተን ቀለም በስልካችሁ ፎቶ አንሡት። የሰፈር ሱቅ ላይ ስለማይገኝ የሁለት ወር ያህል አንዴ ግዙ፣ ማሸጊያው ላይ ያለውን ቀን አይታችሁ።

ጆሮ ውስጥ የሚገባው ሞልድ በእሳቸው ጆሮ ልክ መሠራት አለበት። ለስላሳ ሊጥ የመሰለ ነገር ጆሮ ውስጥ ተደርጎ ቅርጹ ይወሰዳል። ዋስትናው ለስንት ጊዜ እንደሆነና ማስተካከያው ስንት ጊዜ በነፃ እንደሚሰጥ በጽሑፍ ተቀበሉ።

## ደረጃ 5፦ የመጀመሪያው ቀን

በሰንበት፣ በሠርግ ወይም እንግዳ በሚመጣበት ቀን አትጀምሩ።

1. ቀይ ምልክት ያለው ለቀኝ፣ ሰማያዊ ለግራ።
2. የባትሪውን ተለጣፊ ወረቀት ላጡና አንድ ሁለት ደቂቃ ጠብቁ። የሚሠራው አየር ሲገባበት ነው። ወረቀቱን መልሶ መለጠፍ ባትሪውን አያቆየውም።
3. ባትሪውን አስገብታችሁ የባትሪ ማስቀመጫውን በር ሳትዘጉ ሞልዱን ጆሮ ውስጥ አስገቡ። በሌላ እጅ ጆሮውን ወደ ላይና ወደ ኋላ ሳብ አድርጉ፣ ሞልዱን ትንሽ እያዞራችሁ ግፉት።
4. መሣሪያውን ከጆሮ ጀርባ አንጠልጥሉ። አሁን በሩን ዝጉ።
5. ጸጥ ያለ ክፍል ውስጥ አንድ ሰው ብቻ፣ ከአንድ ሜትር ርቀት፣ በመደበኛ ድምፅ ያናግራቸው። "ይሰማል? ይሰማል?" እያላችሁ አትጩኹ።
6. ከአንድ ሰዓት በኋላ አውልቁ፣ "ተመችቶኛል" ቢሉም።

የመጀመሪያው ቀን ባለቤቴ ከገበያ ገብታ ፌስታሉን ጠረጴዛ ላይ ስታስቀምጥ አባባ ከወንበራቸው ብድግ አሉ። "ምንድነው የሚነደው?" አሉ። ፌስታል ሲንኮሻኮሽ ሰምተው አያውቁም ለስንት ዓመት፣ እሳት መስሏቸው ነው። ሄጄ ፌስታሉን እጃቸው ላይ አደረግኩት። ጨመቅ ለቀቅ፣ ጨመቅ ለቀቅ እያደረጉ ቆዩ። እናንተም እንዲህ አድርጉ። አንጎል ረስቶት የነበረውን ድምፅ ሁሉ በአንዴ አስፈላጊ ያደርገዋል። እያንዳንዱን ድምፅ አሳዩአቸው፣ ስሙን ንገሯቸው፦ ቧንቧው ነው፣ ፍሪጁ ነው፣ የራሳቸውን የነጠላ ጫማ እርምጃ ሳይቀር።

"በርሜል ውስጥ የምናገር ይመስለኛል" ካሉ፦ የራስ ድምፅ መጀመሪያ እንዲህ ነው። በሁለት ሳምንት ካልቀለለ ባለሙያው ሞልዱ ላይ ቀዳዳ ማስፋት ወይም ማስተካከያውን መለወጥ ይችላል።

ካፏጨ፦ ሞልዱ በደንብ አልገባም፣ ወይም ኩክ አለ፣ ወይም ሞልዱ ሰፍቷል። በዚሁ ቅደም ተከተል ፈትሹ። ነጠላ ወይም ሻሽ ጆሮ ላይ ጠብቆ ሲታሰርም ያፏጫል።

ካመመ ወይም ካቆሰለ፦ "ይለምዱታል" አትበሉ። አውልቁና ሞልዱን አስሞርዱ።

## ደረጃ 6፦ ስድስቱ ሳምንታት

የመጀመሪያው ሳምንት ቤት ውስጥ፣ በቀን ከአንድ ሁለት ሰዓት እየጀመሩ በየቀኑ ትንሽ መጨመር ነው። ሁለተኛው ላይ ቴሌቪዥን፣ ከሁለት ሦስት ሰው ጋር ቡና። ሦስተኛውና አራተኛው ላይ ደጅ፣ ጎረቤት፣ ሱቅ። ታክሲ፣ ለቅሶ ቤት፣ እድር የመጨረሻዎቹ ናቸው። ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው፦ በሦስተኛው ቀን ለቅሶ ቤት ይዟቸው ይሄዳል፣ መቶ ሰው በአንዴ ሲያወራ ጆሯቸው ላይ ይፈነዳል፣ ማታ መሣሪያው ቡፌ ይገባል።

አንድ ቀን ከዘለሉ በማግስቱ ቀጥሉ። በየቀኑ ማድረግ ነው አንጎልን የሚያለማምደው፣ በሳምንት አንዴ ማድረግ ሁልጊዜ መጀመሪያው ቀን ላይ መመለስ ነው።

## ደረጃ 7፦ የቤቱ ሰው የሚለውጠው

መሣሪያ ብቻውን አይበቃም። ኮንዶሚኒየም ቤት ወለሉ ሴራሚክ፣ ግድግዳው ባዶ ነው፣ ድምፅ እየተመለሰ ይምታታል። ሳሎን ላይ ምንጣፍ ዘርጉ፣ ወፍራም መጋረጃ ስቀሉ። እኛ ቤት ይህ ብቻ ለራት ሰዓት ወሬ ግማሽ መፍትሔ ሆኗል።

መጀመሪያ ጥሯቸው፣ ሲያዩአችሁ ጀምሩ። ብርሃን ፊታችሁ ላይ ይሁን እንጂ ከጀርባችሁ አይሁን። አትጩኹ፣ ጩኸት ቃሉን ያበላሸዋል፣ የተጎዳ ጆሮንም ያሳምማል። ካልገባቸው ያንኑ ቃል ሦስት ጊዜ ከመድገም አረፍተ ነገሩን ለውጡት። እና በፍጹም "ተዉት፣ ምንም አይደለም" አትበሉ። ይቺ ቃል ሰውን ከጨዋታው ታስወጣለች። አባባ ከመሣሪያው በፊት በነበሩት ዓመታት እንግዳ ሲመጣ ወደ መኝታ ቤት ይገቡ የነበረው ደክሟቸው አልነበረም።

ለስልክ፦ ቀፎውን ጆሮ ላይ ሳይሆን የመሣሪያው ማይክ ያለበት ላይ፣ ማለትም ከጆሮው ጀርባ ከፍ አድርገው ይያዙት። ካልሆነ ላውድ ስፒከር።

## ደረጃ 8፦ አቧራ፣ ጋቢ፣ ቅቤ፣ ክረምት

ማታ ማታ፦ በደረቅ ጨርቅ ጥረጉ፣ ቀዳዳው ላይ ያለውን ኩክ አብሮት በመጣው ብሩሽ አራግፉ፣ የባትሪውን በር ክፍት አድርጋችሁ ክዳን ባለው ዕቃ ውስጥ እርጥበት መጣጭ ከረጢት ጨምራችሁ አኑሩት። በጋ ላይ በአቧራችን፣ ክረምት ላይ በእርጥበታችን ምክንያት ይህን መዝለል አይቻልም። ሞልዱን ብቻ በሳምንት አንዴ፣ ከመሣሪያው ነቅላችሁ፣ በለብ ያለ ውሃና ሳሙና እጠቡ፣ ቱቦው ውስጥ ጠብታ ሳይቀር አድርቁ። መሣሪያውን ራሱን ውሃ አታስነኩ።

ሲታጠቡ ይወልቅ። እናቶች ፀጉር ላይ ቅቤ ሲቀቡ ይወልቅ፣ ቅቤ ማይኩን ይደፍነዋል። ጋቢ እስከ ጆሮ ሲከናነቡ ማይኩ ላይ እየተፋተገ ስለሚንኮሻኮሽ ከጆሮ ዝቅ ይበል።

ጭራሽ ካልሠራ፦ በአዲስ ባትሪ ቀይሩ። ሞልዱ ኩክ ይዞ እንደሆነ እዩ። ቱቦው ውስጥ ውሃ ካለ አራግፉ። ከዚያ በሩን ዘግታችሁ በጭብጣችሁ ሸፍኑት። ካፏጨ በሕይወት አለ፣ ዝም ካለ ወደ ባለሙያው ውሰዱት። መፍቻ ይዛችሁ አትክፈቱት። ቱቦው ከደረቀና ከጠነከረ ይቀየራል።

ማስጠንቀቂያ፦ አሮጌ ባትሪ ወለል ላይ አይውደቅ። ልጅ ከዋጠው፣ ወይም አፍንጫና ጆሮ ውስጥ ከከተተው ወዲያው ሆስፒታል ውሰዱት። እንዲያስመልስ አታድርጉ።

## ደረጃ 9፦ በስድስተኛው ሳምንት ተመልሳችሁ ሂዱ

ይህን ቀጠሮ ብዙ ሰው ይተወዋል፣ መሣሪያው በትክክል የሚስተካከለው ግን ያን ቀን ነው። ደብተሩን ያዙ። ከአምስቱ የተሻለውን ሰርዙ፣ ያልተሻለውን ምን እንደሚሰማቸው በራሳቸው ቃል ጻፉለት። "አልተመቸውም" ብትሉ ባለሙያው ምንም ማድረግ አይችልም። "ሳህን ሲጋጭ ያማል፣ የሴት ድምፅ ይርቃል" ብትሉ የሚነካውን ያውቃል።

እኛ ሦስቱን ሰርዘን፣ ስልክና እድር የሚሉትን ይዘን ነበር የሄድነው። ስልኩ በዚያው ቀን ተስተካከለ። ለእድሩ አባባ ከሰብሳቢው አጠገብ፣ ጀርባቸውን ለግድግዳ ሰጥተው ነው የሚቀመጡት።